የሆያ ሆዬ ገንዘብ፦ እኩል ይካፈል ወይስ ይነገድበት?

ሰፈርተኛ (ጥያቄ)

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ቡሄ ሳይደርስ መላ የምትሉኝ ነገር አለ። በሰፈራችን ከ8 እስከ 13 ዓመት ያሉ ልጆች በሁለት ቡድን ሆያ ሆዬ ይጨፍራሉ። የላይኞቹ 14፣ የታችኞቹ 11 ናቸው። የሚጣሉት በአከፋፈል ነው።

የላይኞቹ ያገኙትን ማታውኑ ዘርግፈው በራስ ቆጥረው እኩል ይካፈላሉ። አቀንቃኝ፣ ተቀባይ፣ ከኋላ የሚከተል ትንሽ ልጅ ብሎ ልዩነት የለም። የታችኞቹ ለአቀንቃኞቻቸው ከፍ ያለ ድርሻ ይሰጣሉ፤ ከቀረውም ላይ ቀንሰው ዋና ያስቀምጡና ወረቀትና ከለር ገዝተው የእንቁጣጣሽ ስዕል ሠርተው ይሸጣሉ። የላይኞቹ «ስግብግቦች» ይሏቸዋል፤ የታችኞቹ መልሰው «ብር በእጃቸው የማያድር» ይሏቸዋል።

ባለፈው ዓመት ነገሩ ከረረ። የታችኞቹ ከላይኞቹ ልጆች ሙልሙል በብር እየገዙ መልሰው መሸጥ ጀመሩ፤ የላይኞቹ ደግሞ «የበረከት ዳቦ አይሸጥም» ብለው የሸጠውን ልጅ ከቡድኑ አናስገባም አሉ። የላይኞቹ አቀንቃኝም ድርሻው ስለሚበልጥ ወደ ታች ልሂድ እያለ ነው። በዚያ ላይ አንድ ምሽት ሁለቱም አንድ ቤት ይመጡና በር ላይ ይጋፋሉ።

ወላጆች «ቀላቅለናቸው እንገላገል» ይላሉ። ይሻላል? ካልሆነስ ምን ዓይነት ደንብ ቢወጣ ነው የሚጸናው?

ደብተር ያዥ (መልስ)

አትቀላቅሏቸው። 25 ልጅ በር ላይ ቢቆምም ባለቤቱ የሚሰጠው ለ11 ልጅ ከሚሰጠው እምብዛም አይበልጥም። የየአንዳንዱ ድርሻ በግማሽ ይወርዳል፣ ትንንሾቹም ከኋላ ተውጠው ይቀራሉ። ለአንድ ቡድን ከ8 እስከ 12 ልጅ ይበቃል፤ 14ቱም ትንሽ በዝተዋል።

አከፋፈሉ እኩልም ሆነ በድርሻ ይሠራል። ችግር የሚመጣው ደንቡ ብሩ ከተቆጠረ በኋላ ሲወራ ነው። ብሩ መሬት ላይ ተዘርግፎ ዓይናቸው እያየ «አቀንቃኝ ስንት ይውሰድ?» ቢባል እያንዳንዱ ለራሱ የሚያዋጣውን ይናገራል። ስለዚህ የመጀመሪያውን በር ሳያንኳኩ፣ በአንድ ገጽ ደብተር ላይ ይጻፍ፤ ሁሉም ስሙን በራሱ እጅ ያስፍርበት። መጻፍ የማይችል ትንሽ ልጅ ካለ ጮክ ተብሎ ይነበብለትና እሱም ይድገመው።

የልዩነቱን መጠንም በቁጥር አሳዩአቸው። ልጆቹ የሚጣሉበት ብር ከሚያስቡት በጣም ያነሰ ነው። በአንድ ምሽት 1,260 ብር ተገኘ እንበል፤ ልጆቹ 14 ናቸው። እኩል ከሆነ ለእያንዳንዱ 90 ብር ይደርሰዋል። ሁለት አቀንቃኞች ድርሻ ተኩል ይውሰዱ ከተባለ ደግሞ 12 ተቀባዮች 12 ድርሻ፣ አቀንቃኞቹ 3 ድርሻ፣ በድምሩ 15 ይሆናል። 1,260 ለ15 ሲካፈል 84 ነው። ተቀባይ 84፣ አቀንቃኝ 126 ይወስዳል። አንድ ተቀባይ ያጣው 6 ብር ነው፤ አቀንቃኙ ያገኘው ጭማሪ ግን 36 ነው። ይህን በጠጠር ወይም በባቄላ አስቀምጣችሁ ስታሳዩአቸው «6 ብሩን ለአቀንቃኝ እንተውለታለን ወይስ አንተውም?» ወደሚል ጥያቄ ይወርዳል፤ እሱ ላይ መስማማት አይከብድም። ከድርሻ ተኩል በላይ ግን አትፍቀዱ። ሁለት ድርሻ ከሆነ ሁሉም አቀንቃኝ ካልሆንኩ ይላል፤ ተቀባይ የሌለው ሆያ ሆዬ ደግሞ ጩኸት ብቻ ነው።

የየምሽቱ ገንዘብ ለየብቻ ይከፈል። ሦስቱን ምሽት አጠራቅሞ መጨረሻ ላይ መካፈል ትልቁ ስሕተት ነው። በሁለተኛው ምሽት ታሞ የቀረው፣ በመጨረሻው ምሽት ብቻ የመጣው፣ ግማሹን መንገድ ሄዶ ወደ ቤት የተመለሰው እያሉ ማስላት ልጆቹ አይችሉም፤ ትልልቆቹም ይሳሳታሉ። በየምሽቱ ከተዘጋ ግን ደንቡ አንድ መስመር ነው፦ የዛሬው ዛሬ ለነበረ።

ቆጠራው ላይ ገንዘብ ያዡ ብቻውን አይቁጠር። አንዱ ይቁጠር፣ ሌላው ይድገም፣ ሦስተኛው ይጻፍ። በመጀመሪያ ኖቶቹ በየዓይነታቸው ይደርደሩ፤ የ5ቱ፣ የ10ሩ፣ የ50ው ለየብቻ፣ የ1 ብር ሳንቲም በአሥር በአሥር ተከምሮ። ትልልቆቹን ኖቶች ሱቅ ሳይዘጋ አስዘርዝሯቸው። ዝርዝር ሲጠፋ «አንተ 100 ያዝና ነገ ስጠው» ይባላል፤ ነገ ግን አይመጣም።

አሁን የመጣ ሌላ ጣጣ ደግሞ ቴሌብር ነው። ኪሱ ብር የሌለው ሰው ገንዘቡን ወደ አንዱ ትልቅ ልጅ ስልክ ይልካል። ሌሎቹ ገንዘቡን አላዩትም፤ ሳያዩት ደግሞ አያምኑም። የማን ስልክ እንደሆነ ቀድሞ ይወሰን፤ መልእክቱ እዚያው በር ላይ ድምፅ ከፍ ተደርጎ ይነበብ፣ መጠኑም ወዲያው ደብተሩ ላይ ይስፈር። ማታ በጥሬው መተካት የሚችል አዋቂ ከሌለ ግን ለዕቃ መግዣ ብቻ ይዋል፤ ለመከፋፈል አይመችም።

የልጆች ነገር (መልስ)

ከላይ የተባለው ሁሉ ልክ ነው። እኔ ጠቡ ከየት እንደመጣ ልጨምር። ሰፈርተኛ፣ የላይኞቹ በዕድሜ አያንሱም? ከሆነ ብዙው ነገር በዚያ ይገለጣል።

የምጣኔ ሀብት ተመራማሪው ኤርንስት ፌርና ባልደረቦቹ በ2008 እ.ኤ.አ. ያወጡት ጥናት ከ3 እስከ 8 ዓመት ያሉ 229 የስዊዘርላንድ ልጆችን የያዘ ነው። ልጁ «ለእኔም አንድ ለእሱም አንድ» እና «ለእኔ ሁለት ለእሱ ባዶ» ከሚሉት ይመርጣል። ከ3–4 ዓመት ልጆች እኩሉን የመረጡት ጥቂት ናቸው፤ ከ7–8 ዓመቶቹ ግን ግማሽ ሊጠጉ ምንም አልቀራቸውም። እዚያው ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ፦ ልጆቹ ይበልጥ የሚለግሱት ከራሳቸው ትምህርት ቤት ላለ ልጅ ነበር። የእኩልነት ስሜትና የቡድን ስሜት አብረው ያድጋሉ ማለት ነው። የላይኞቹ በመካከላቸው እጅግ ቸሮች ሆነው ለታችኞቹ ግን ፊት የሚነሱት ለዚህ ነው፤ ክፋት አድርጋችሁ አትውሰዱት።

ከዚያ በኋላ ደግሞ ሌላ ለውጥ ይመጣል። በኖርዌይ በርገን ከ5ኛ እስከ 13ኛ ክፍል ባሉ ተማሪዎች ላይ ተሠርቶ በ2010 እ.ኤ.አ. የወጣ ጥናት አለ። ተማሪዎቹ ሥራ ሠርተው ነጥብ ያገኛሉ፣ ከዚያ የተገኘውን ይካፈላሉ። ትንንሾቹ ሥራው ቢለያይም እኩል ይሁን አሉ፤ ዕድሜ ከፍ ሲል «ብዙ የሠራ ብዙ ይውሰድ» የሚለው እየበረታ ሄደ። የናንተ ልጆች 8 እና 13 ዓመት መካከል ናቸው፤ ለውጡ የሚመጣበት ዕድሜ ላይ ናቸው ማለት ነው። የ9 ዓመቱን ልጅ «ድርሻ በሥራ ነው» ብላችሁ ብታስረዱት ይሰማችኋል፣ ግን ልቡ አይቀበለውም። ስለዚህ ሁለቱም ቡድን የየራሱን ደንብ ይያዝ። አገራችንም ቢሆን ሁለቱንም ያውቃል፦ ወንፈል የሠራኸውን ቀን ቆጥሮ ይመልስልሃል፤ ደቦ ጠርቶ፣ አብልቶና አጠጥቶ ይሸኝሃል እንጂ አይቆጥርም።

ስለ ተረፈች ሳንቲም ደብተር ያዥ አላነሳም፤ ቀላል ነገር ግን አይደለም። ሾውና ኦልሰን የተባሉ የሥነ ልቦና ተመራማሪዎች በ2012 እ.ኤ.አ. ባወጡት ጥናት ከ6 እስከ 8 ዓመት ያሉ ልጆች ክፍላቸውን ላጸዱ ሁለት ልጆች 5 ላጲስ እንዲያከፋፍሉ ተጠየቁ። ሁለት ሁለት ሰጥተው አምስተኛዋን ለአንዱ ከመስጠት ይልቅ ብዙዎቹ መጣልን መረጡ። አንደኛው ልጅ የበለጠ ሠርቷል ሲባሉ ግን ለእሱ ሰጡት። ከዚህ የሚወሰደው ግልጽ ነው፦ ለማትካፈለው ቀሪ ቀድሞ ቦታ ይበጅላት። «ቀሪው ለኳስ» ተብሎ ከተጻፈ 7 ብርም ትሁን 13 ብር አታጣላም። ቦታ ከሌላት ግን ገንዘብ ያዡ ኪስ ትገባለች፤ በማግሥቱ «ሌባ» ይባላል።

አብሮ መጨፈሩም ራሱ ለመካፈል ይረዳል። ጀርመን ውስጥ በ3 ዓመት ልጆች ላይ በተሠራና በ2011 እ.ኤ.አ. በወጣ ሙከራ ሁለት ልጆች ገመድ አብረው ጎትተው መጫወቻ ያገኛሉ፤ ለአንዱ 3፣ ለአንዱ 1 ይደርሳል። አብረው ጎትተው ሲያገኙት 3 የደረሰው ልጅ አንዱን ለጓደኛው ይሰጥ ነበር። ያለ ሥራ ሲያገኙት ወይም ለየብቻ ሲጎትቱ ግን ያን ያህል አልሰጠም። በቴሌብር የመጣውና ዘመድ ለአንዱ ልጅ በግል የሰጠው ገንዘብ ጠብ የሚያመጣው ከዚህ የተነሳ ይመስለኛል፤ አብረው ያልጎተቱት ነው።

ሱቅ በደረቴ (መልስ)

ስለ ንግዱ እኔ ልናገር፤ የታችኞቹን ስግብግብ ማለት ተገቢ አይደለም። ከነሐሴ 13 እስከ መስከረም 1 ጳጉሜን 5 ስትሆን 23 ቀን አለ። በዚህ ጊዜ ውስጥ ስዕል ሠርቶ መሸጥ ለልጅ የሚሆን ጥሩ ሥራ ነው። የሚበላሸው ዋናው ከሁሉም ላይ በግድ ሲቀነስ ነው። ደንቡ «የሚገባ ይግባ» ይሁን። ሙሉ ድርሻ ለሁሉም ይታደላል፤ ከዚያ የፈለገ ልጅ 30 ብር ይመልሳል። ከ11 ልጅ 8ቱ ቢገቡ 240 ብር ዋና ተገኘ። ያልገባ ልጅ ትርፍ አይጠይቅም፣ ኪሳራም አያገኘውም።

ስሌቱን ለምሳሌ እንዲህ ያዙት (ዋጋው እንደየሱቁ ነው፤ የራሳችሁን አስገቡ)። ወፈር ያለ ነጭ ወረቀት 20 ቅጠል በ3 ብር 60 ብር፤ ከለር 120 ብር፤ ድምሩ 180። ቀሪው 60 ብር ሳይነካ ይቀመጥ። አንዱ ቅጠል ለአራት ሲቆረጥ 80 ስዕል ይወጣል። ነገር ግን 80ውም አይሸጡም። ከለር የፈሰሰበት፣ ጠርዙ የተቀደደ፣ ትንሹ ልጅ ሞክሮ ያበላሸው እየተባለ 10 ያህሉ ይወድቃል ብላችሁ አስቡ። 70 ቀረ። 180 ለ70 ሲካፈል የአንዱ ወጪ ወደ 2 ብር ከ60 ሳንቲም ነው። በ5 ብር ቢሸጥ ወጪው የሚመለሰው 36ኛው ላይ ነው፤ በ10 ብር ከሆነ 18ኛው ላይ። ይህን ቁጥር ልጆቹ በቃላቸው ይያዙት። ብዙ ልጅ የመጀመሪያዎቹን 10 ስዕሎች እንደሸጠ ብሩን ትርፍ መስሎት ብስኩት ይገዛበታል፤ መጨረሻ ላይ ዋናው ጎድሎ «ማን በላው?» ይመጣል።

ሌላው ኪሳራ የሚመጣው ከመስከረም 1 በኋላ ነው። የእንቁጣጣሽ ስዕል መስከረም 2 ገዢ የለውም። ስለዚህ እስከ ነሐሴ መጨረሻ 40 ብቻ ሠርተው፣ ለጳጉሜን ወረቀቱን ባዶውን ያቆዩት። ባዶ ወረቀት ለትምህርት ቤት ይሆናል፤ ያልተሸጠ ስዕል ግን ለምንም አይሆንም። ወቅቱ ዝናብ ስለሆነ የተሠሩት በፌስታል ተጠቅልለው በሁለት ካርቶን መካከል ይቀመጡ። በውሃ ቀለም የተሠራ እርጥብ እጅ ሲነካው ይሟሟል፤ በእርሳስ ከለር ወይም በሰም ከለር የተሠራው ይሻላል። አደይ አበባ፣ ችቦ፣ ጀበና እያሉ ዓይነቱን ይለዋውጡት፤ አንዲት ቤት ሦስት ልጅ ተከታትሎ አንድ ዓይነት አደይ ይዞ ቢመጣ ሁለተኛው ባዶ እጁን ይመለሳል።

ዱቤ የለም። ለጓደኛም ለአክስትም። ያለዚህ ደንብ የልጆች ንግድ ሁለት ቀን አይቆይም።

ምጣድ (መልስ)

ሱቅ በደረቴ፣ በስዕሉ ተስማምቻለሁ፤ ሙልሙሉን ግን ከንግዱ አውጡት። የላይኞቹ ልጆች ያሉት ትክክል ነው። በደብረ ታቦር ታሪክ እረኞቹ ብርሃኑን አይተው መሽቶባቸው ሜዳ ሲቀሩ ወላጆቻቸው ችቦ አብርተው ዳቦ ይዘውላቸው ሄዱ ይባላል። ሙልሙሉ ውጭ ላለ ልጅ የሚደርስ ዳቦ ነው። ጋጋሪዋ በዚያ ሐሳብ ነው የምትጋግረው፤ የክርስትና ልጅ ያላትም ለእሱ ለብቻው ታስቀምጣለች። ለልጆቹ የሰጠችው ሙልሙል በማግሥቱ ሲሸጥ ብታይ በሚቀጥለው ዓመት በሯን አትከፍትም፤ ጉዳቱ ለሁለቱም ቡድን ነው።

ከአያያዙም አንጻር ሸቀጥ አይሆንም። ነሐሴ ውስጥ ትኩስ ሙልሙል ፌስታል ውስጥ ታፍኖ ካደረ ይሻግታል፤ ያለ መሸፈኛ ካደረ ደግሞ ይደርቃል። በጨርቅ ተጠቅልሎ በዘንቢል ይያዝ፣ ሲበዛ በሁለተኛው ቀን ያልቅ።

አከፋፈሉ ላይ መጠኑ ስለሚለያይ በቁጥር ብቻ አትሂዱ። ለ14 ልጅ 23 ሙልሙል ቢገኝ 14ቱ አንድ አንድ ይታደሉ፣ 9ኙ ተቆርሰው እዚያው አብረው ይበሉ። ሲቆረስ የቆረሰው ልጅ መጨረሻ ይውሰድ። ይህች አንዲት ደንብ ከማንኛውም ቁጣ በላይ ቁራሹን እኩል ታደርገዋለች፤ ልጁ ሁለቴ እየለካ ምላሱን ነክሶ ሲቆርስ ታዩታላችሁ።

ሱቅ በደረቴ (መልስ)

ምጣድ፣ ለውጭ አይሸጥ ባልሽው እስማማለሁ። በልጆቹ መካከል ግን ልውውጥን ሁሉ አትከልክሉ። አንዱ ልጅ ቤቱ አራት ታናናሽ እኅትና ወንድም አሉት፤ ሙልሙል ይፈልጋል። ሌላው ቤቱ ዳቦ ሞልቷል፤ ለብይ መግዣ 10 ብር ይሻለዋል። ሁለቱ ቢለዋወጡ ማንም አልተጎዳም። የታችኞቹ ችግር ገዝተው መልሰው በመሸጣቸው ነው። «ለሚበላ ይለወጥ፣ ለሚሸጥ አይለወጥ» ብትሉ ልጆች ወዲያው ይገባቸዋል። ያ የሸጠው ልጅም አይባረር፤ ሲሸጥ የጣሰው የተጻፈ ደንብ አልነበረም።

ምጣድ (መልስ)

ልውውጡ ሙልሙሉ ለሁሉም ከታደለ በኋላ፣ ሁሉም ባሉበት ከሆነ ይሁን። ትልቁ ልጅ ትንሹን ለብቻው ይዞ «በ2 ብር ስጠኝ» እንዲለው ግን አልፈልግም። በሁለት ዓመት የሚበልጥ ልጅ የሚያቀርበውን ዋጋ ትንሹ እምቢ ማለት አይችልም።

ሰፈርተኛ (ጥያቄ)

እግዚአብሔር ይስጣችሁ። አዎ፣ የላይኞቹ ብዙዎቹ ከ8 እስከ 10 ናቸው፤ ትልልቆቹ ታች ናቸው። አቀንቃኙስ? ከላይኞቹ የ12 ዓመት ልጅ እሱ ብቻ ነው፤ ከሄደ ቡድኑ ይፈርሳል። ስለ በሮቹስ ምን ትላላችሁ?

ደብተር ያዥ (መልስ)

ልጁን በግድ አታቆዩት፤ በ12 ዓመቱ ድርሻዬ ማለቱ የዕድሜው ነው። የላይኞቹ እኩል ክፍያቸውን ሳይነኩ ሌላ ነገር ሊሰጡት ይችላሉ፦ ጅራፉንና ዱላውን እሱ ይያዝ፣ የመንገዱን ቅደም ተከተል እሱ ይምረጥ፣ ምርቃቱን እሱ ያውርድ። ብዙ ጊዜ ልጁ የሚፈልገው መታወቁን ነው። እንዲያም ሆኖ ከሄደ የሚሄድበት ጊዜ ይወሰን፤ ከነሐሴ 10 በኋላ ቡድን መቀየር የለም። ከአሁኑ ግን ሁለት ትንንሾች ግጥሙን ያጥኑ። አንድ አቀንቃኝ ብቻ ያለው ቡድን ልጁ ድምፁ የዘጋ ዕለትም ይፈርሳል።

በሮቹን በዕጣ ክፈሉ። ሰፈሩን በመንገድ ለሁለት ቁረጡት፤ በመጀመሪያው ምሽት ዕጣ የወጣለት ይጀምር፣ በሁለተኛው ይቀያየሩ። በዚህ ሁሉም ቤት ሁለቱንም ቡድን ያያል፤ ግን በአንድ ምሽት አንዱን ብቻ ነው። የተጨፈረበት በር ላይ ቄጤማ ይታሰር፤ በኖራ ወይም በጠመኔ ምልክት አታድርጉ፣ ባለቤቶቹ ይቆጣሉ። ከ12 ሰዓት ጀምረው 2 ሰዓት ማታ ላይ ይጨርሱ።

የልጆች ነገር (መልስ)

አንድ ነገር ልጨምር፣ ለማስታረቅ አብረው ምሳ አታብሏቸው። የሥነ ልቦና ተመራማሪው ሙዛፈር ሸሪፍ በ1954 እ.ኤ.አ. አሜሪካ ኦክላሆማ ውስጥ ሮበርስ ኬቭ በሚባል ፓርክ 22 ወንድ ልጆችን በሁለት ቡድን ከፍሎ ሲያፎካክራቸው ጠባቸው ከረረ። አንድ ላይ ሲበሉ ምግብ ተወራወሩ። የበረዱት ለሁለቱም የሚያስፈልግ፣ አንዱ ቡድን ብቻውን የማይወጣው ሥራ ሲመጣ ነው፦ የውሃው መስመር ተቋርጦ አብረው ፈለጉ፣ የቆመ መኪና በገመድ አብረው ጎተቱ፣ ፊልም ለማየት ገንዘብ አዋጡ። ወደ ቤታቸው ሲመለሱ አንዱ ቡድን በውድድር ያሸነፈውን 5 ዶላር ለሁሉም መጠጥ ገዛበት።

ለናንተ ልጆች ችቦው ይሆናል። ነሐሴ 12 ማታ ለሁለቱም ቡድን አንድ ትልቅ ችቦ ይሠራ። እንጨቱን የላይኞቹ ይልቀሙ፣ ማሰሪያውን የታችኞቹ ያምጡ፤ ሲያቆሙት 25ቱም ያስፈልጋሉ። ከየቡድኑ የተረፈች የማትካፈል ሳንቲምም ወደ አንድ ቆርቆሮ ትግባ፤ ኳሱ የሁለቱም ይሁን። እኩል አካፋዮቹም ነጋዴዎቹም የማይጣሉበት ብር ያ ብቻ ነው። ኳሱ አንድ ሳምንት ላይ፣ አንድ ሳምንት ታች ይደር። ያሳደረው ልጅ ቢያፈነዳው ማን እንደሚያስጠግነው ግን ቆርቆሮው ሳይከፈት ጻፉት።